ሁሉንም «ዘንዶ» ብለን እንጠራቸዋለን፤ ግን አንድ ናቸው ወይ?

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ሰላም ለሁላችሁም፣ አሰላሙ አለይኩም። ነገሬ ረዘም ይላል። ቡናችሁን ይዛችሁ አንብቡልኝ።

ባለፈው ቅዳሜ ማታ ሰፈራችን መብራት ጠፋ። የደሴን የክረምት ብርድ ታውቁታላችሁ። የእህቴ ልጆችና የጎረቤት ልጆች ከሰሉን ከበው ተቀመጡ። እማዬም ተረት ጀመረች። የመረጠችው የአርዌን ነበር። አገሩን 400 ዓመት የገዛው እባብ ነው። ሕዝቡ ከብቱን ገበረለት፣ ፍየሉን ገበረለት፣ ሲብስም ሴት ልጁን ገበረለት። ከዚያ አንጋቦ የሚባል ሰው መጣ። «ብገድልላችሁ ታነግሡኛላችሁ?» አላቸው። «እናነግሥሃለን» አሉት። ለአንዲት ፍየል መርዝ አበላ። ፍየሏን ለአርዌ ሰጠ። አርዌ በላት፤ ሞተ። አንጋቦ ነገሠ። የእሱ ልጅ ናት ማክዳ፣ የሳባ ንግሥት።

የእህቴ ልጅ 11 ዓመቱ ነው። «ገባኝ፣ ድራጎን ነው» አለ።

እማዬ «ድራጎን ደግሞ ምን ዓይነት ነው?» አለችው።

«ክንፍ አለው፣ እሳት ይተፋል።»

«እንግዲያማ አይደለም ልጄ። አርዌ ክንፍ የለውም። እሳትም አልተፋም። ተቀምጦ ነው የሚበላው።»

«እሺ፣ ሃይድራ ነው?» አለና ወደኔ ዞረ። እኔም «ያው ሁሉም ዘንዶ ነው» ብዬ ገላገልኩት። ሌሊቱን ግን መልሴ አልዋጥልህ አለኝ። ቅዱስ ጊዮርጊስ በጦር የወጋው ዘንዶ ነው። አቡነ አረጋዊን ደብረ ዳሞ ላይ ያወጣቸውም ዘንዶ ነው። ዮሐንስ በራእዩ ያየው 7 ራስና 10 ቀንድ ያለው ቀዩም ዘንዶ ነው። ቆላ ወርዶ ፍየል የሚውጠው እንስሳም ዘንዶ ነው። እነዚህን እንዴት ነው አንድ ስም የሰጠናቸው?

የኔ ሐሳብ እንዲህ ነው። ራሱን መቁጠር፣ ክንፉን መፈለግ ብዙ አያስኬድም። የሚለያቸው ጥያቄ «ምን ላይ ተጠምጥሟል?» የሚለው ይመስለኛል። ወርቅ ላይ ነው? ውሃ ላይ ነው? ዙፋን ላይ ነው? እናንተስ በምን ትለዩአቸዋላችሁ? ልጁን በትክክል ልመልስለት እፈልጋለሁ።

ቦርከና ማዶ (ኮምቦልቻ)

ወንድም ዓለም፣ ጥያቄህን ወድጄዋለሁ። መልኩን ግን እንዲህ በቀላሉ አትተወው። መልክ ካልለየን ስምም አንለይም።

እንግሊዞች በጋሻ ዓርማቸው ላይ ሲስሉ ጥብቅ ሕግ አላቸው። ድራጎን 4 እግርና 2 ክንፍ አለው። ዋይቨርን 2 እግርና 2 ክንፍ ብቻ ነው ያለው። የእህትህ ልጅ በጨዋታና በፊልም ከሚያያቸው ውስጥ ብዙዎቹ «ድራጎን» ይባሉ እንጂ በዚህ ሕግ ዋይቨርን ናቸው። እግራቸውን አስቆጥረው። ደግሞ እግርም ክንፍም የሌለው አለ። ዛሬ በእንግሊዝኛ ትል ማለት የሆነው «ዎርም» ድሮ ለእንዲህ ዓይነቱ ትልቅ እባብ ይባል ነበር። እማማ የነገሯችሁ አርዌ በመልክ ለዚህኛው ይቀርባል።

ግሪኮቹ «ድራኮን» ሲሉ መጀመሪያ ክንፍ አላሰቡም። ትልቅ እባብ ማለታቸው ነበር። ቃሉ «ማየት» ከሚለው ግሣቸው ጋር ይያያዛል። እባብ ዓይኑን አይከድንም አይደል? ስለዚህ ጠባቂ አደረጉት። የወርቁን ፖም ዛፍ የሚጠብቀው ላዶን እንዲህ ያለ ነው።

ሃይድራ ሌላ ናት። የረግረግ ውሃ ፍጥረት ናት፤ ሌርና በሚባል ቦታ። አንድ ራሷ ሲቆረጥ ሁለት ይበቅላል። የግሪኮቹ ጀግና ሄራክለስ ብቻውን አልቻላትም። እሱ ሲቆርጥ የወንድሙ ልጅ ኢዮላዎስ የተቆረጠውን አንገት በእሳት ይተኩስ ነበር። አንዱ ራስ ግን የማይሞት ስለነበር ቆርጦ ከትልቅ ድንጋይ ሥር ቀበረው።

ሜዱሳን ከእነዚህ ጋር የሚደባልቅ ሰው አጋጥሞኛል። እሷ እባብ አይደለችም። ጎርጎን የምትባል ሴት ጭራቅ ናት፤ ፀጉሯ ነው እባብ።

ባሲሊስክን ደግሞ ሰው ግዙፍ ያደርገዋል። ሮማዊው ጸሐፊ ፕሊኒ ሲጽፍ ርዝመቱ ከ12 ጣት አይበልጥም ነው ያለው። ስሙ በግሪክ «ትንሹ ንጉሥ» ማለት ነው፤ ራሱ ላይ ዘውድ የሚመስል ነጭ ምልክት ስላለው። ሲያይህ ትሞታለህ። እሱን የምትገድለው ደግሞ ከአይጥ ብዙም የማትበልጥ ትንሽ አውሬ ናት። ከዶሮ ጋር የተደባለቀው፣ አውራ ዶሮ ከጣለው እንቁላል ይፈለፈላል የተባለው፣ በኋላ በመካከለኛው ዘመን አውሮፓ ነው።

ሰዋስው (ደሴ)

ልጆቼ፣ በወጣትነቴ ቅኔ ቤት የቆየሁ ሰው ነኝ። አንዲት ነገር ላስተካክል። «አንድ ስም ሰጠናቸው» የተባለው ለአማርኛ እውነት ሊሆን ይችላል። ለግዕዝ ግን እውነት አይደለም።

በግዕዝ «አርዌ» ማለት አውሬ ማለት ነው። ብዙው «አራዊት» ነው። ዛሬም «የዱር አራዊት» እንላለን። ሔዋንን ያሳታት እባብ በግዕዙ ኦሪት «አርዌ ምድር» ነው የሚባለው፤ የምድር አውሬ። ስለዚህ የዚያ ንጉሥ ስም ስም ብቻ አይደለም። «አውሬው ነገሠ» እንደማለት ነው። «ከይሲ» አለ፤ እባብም ሰይጣንም ነው። «ተመን» አለ። «ደራጎን» ራሱ ከግሪክ ወደ ግዕዝ የገባ የቆየ ቃል ነው። ልጁ «ድራጎን» ሲል የባዕድ ቃል አልተናገረም፤ የአባቶቹን ነው የተናገረው።

ሌዋታንን ደግሞ ከእነዚህ ጋር አትቀላቅሉት። እሱ የባሕር ነው። ኢሳይያስ 27 ቁጥር 1 ላይ ፈጣኑ እባብ፣ የተጠማዘዘው እባብ፣ በባሕር ውስጥ ያለው ዘንዶ ይለዋል። ሶርያ ውስጥ ራስ ሻምራ በሚባል ቦታ እ.ኤ.አ. ከ1929 ጀምሮ የተቆፈሩ የሸክላ ጽላቶች አሉ። እዚያ ላይ በኣል የሚዋጋው ሊታን የሚባል 7 ራስ ያለው እባብ አለ። ያንኑ «ፈጣኑ፣ የተጠማዘዘው» የሚል መጠሪያ ይዞ ነው የተገኘው። መዝሙረኛው ደግሞ በ74ኛው መዝሙር የሌዋታንን «ራሶች» ይላል። አንድ ራስ አላለም።

ሙሉው በግዕዝ ብቻ የተረፈልን መጽሐፈ ሄኖክ ምዕራፍ 60 ላይ ሌዋታን ሴት ናት። ከውኆች ምንጭ በላይ፣ በባሕር ጥልቅ ትኖራለች። ብሔሞት ወንድ ነው፤ በምድረ በዳ ይኖራል። የተለያዩትም በአንድ ቀን ነው። ይህን ሳነብ ሁልጊዜ ልቤን የሚነካኝ ይህ መለያየታቸው ነው።

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

የኔታ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። «አውሬው ነገሠ» የሚለውን ለእማዬ ነገርኳት። «እኔስ ምን አልኩ» ነው ያለችኝ።

ወሎዬዋ (ደሴ፣ ሆጤ)

አሰላሙ አለይኩም። እኔም ከእኛ በኩል አንድ ልጨምር። አባቴ አላህ ይዘንለትና ቁርኣን ሲያስቀራን ይህን ደጋግሞ ያስተውለን ነበር።

የነቢዩላህ ሙሳ በትር እባብ ሆነች አይደል? ቁርኣን ውስጥ ግን ያቺ አንድ በትር በሦስት ቃል ነው የተጠራችው። ሱረቱ ጣሃ ላይ «ሐያህ» ትባላለች፤ የምትሮጥ እባብ። ሱረቱ አን-ነምልና አል-ቀሰስ ላይ «እንደ ጃን» ነው የሚለው፤ ፈጣን ትንሽ እባብ ማለት ነው። አል-አዕራፍና አሽ-ሹዐራእ ላይ ደግሞ «ሡዕባን»፤ ግዙፍ እባብ።

አባቴ «መቼ እንደሚባል እዩ» ይለን ነበር። ሙሳ ብቻውን ከጌታው ጋር ሲነጋገር ሐያህና ጃን ናት። ፈርዖን ፊት ስትጣል ሡዕባን ትሆናለች። ዑለማዎች በግዝፈቷ ሡዕባን፣ በፍጥነቷ ጃን ናት ብለው አስታርቀውታል። ወንድሜ የጦሳ ልጅ፣ እና አንድ እባብ እንኳ እንደሚያየው ሰው ስሙ ይለያያል።

ሰዋስው (ደሴ)

ልጄ፣ አባትሽን ነፍስ ይማር። ይህን ስትጽፊ ብድግ ብዬ ኦሪት ዘጸአትን ከፈትኩ። በዕብራይስጡም እንዲሁ ነው! ምዕራፍ 4 ላይ ሙሴ ብቻውን ሳለ በትሩ «ናሓሽ» ሆነች፤ ተራ እባብ። ምዕራፍ 7 ላይ ፈርዖን ፊት ሲሆን «ታኒን» ይላል፤ የባሕሩን ታላቅ ዘንዶ የሚጠራበት ቃል ነው። ይህን ያህል ዓመት ሳነብ ከቁርኣኑ ጋር አስተያይቼው አላውቅም። አላህ ይስጥሽ።

ነጭ ጋውን (ኮምቦልቻ)

ጤና ላይ ነው የምሠራው፤ ስለ እውነተኞቹ እባቦች ትንሽ ልበል። ከዚያ ወደ ተረቱ እመለሳለሁ።

በአገራችን ዘንዶ የምንለው በአፍሪካ ትልቁ እባብ ነው። መርዝ የለውም። ተጠምጥሞ ጨምቆ ይገድላል፤ ከዚያ ሙሉውን ይውጣል። እንስቷ እንቁላሏን ከባ ተጠምጥማ ትጠብቃለች። ስለዚህ «ተጠምጥሞ የሚጠብቅ ዘንዶ» የሚለው ሐሳብ ከባዶ የመጣ አይደለም። ቆላ ላይ ፍየል ጠባቂ የሆነ ልጅ አይቶት ሊሆን ይችላል። ፕሊኒ ራሱ ስለ ኢትዮጵያ ዘንዶዎች ሲጽፍ 20 ክንድ ይረዝማሉ ብሏል። አጋንኗል፤ ግን እባቡ አለ።

እፉኝት ግን ሌላ ናት። አጭርና ወፍራም ናት፤ መርዘኛ ናት። «የእፉኝት ልጅ እናቱን ሆዷን ቀዶ ይወለዳል» ሲባል ሰምታችኋል። ከድሮ ጀምሮ ወደ ግዕዝ በተተረጎመው ፊሳልጎስ በሚባለው ስለ እንስሳት የሚናገር መጽሐፍ ላይም የእፉኝት ነገር አለ። የግሪኩ ታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶቱስም ከ2400 ዓመት በፊት ተመሳሳይ ነገር ጽፏል። መነሻው ምን ይመስለኛል? እፉኝት እንደሌሎቹ እንቁላል አትጥልም። ሕያው ልጆች ነው የምትወልደው። እባብ ከሆድ ሲወጣ ያየ ሰው ቀዶ ወጣ ብሎ ቢያስብ አይደንቅም። እናቲቱ ግን አትሞትም።

ከርዕሱ ትንሽ ልውጣ፤ ይቅርታ። በዚህ በክረምት እባብ የነደፈው ሰው ቢገጥማችሁ ቁስሉን በምላጭ አትቅደዱ፣ በአፍ አትምጠጡ፣ አጥብቃችሁ አትሰሩ። የተነደፈውን እግር ወይ እጅ ሳታንቀሳቅሱ ቶሎ ወደ ሕክምና ውሰዱት። እናቶች በየመንደሩ ጊዜ በመግደል ልጆቻቸውን ሲያጡ አይቻለሁ፤ ለዚህ ነው።

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

እህቴ፣ ከርዕስ መውጣት አይባልም ይሄ። እናመሰግናለን።

አሁን አንድ ነገር ልናገር። ሦስት ሌሊት ስቆፍረው የነበረ ነው። አርዌ እንዴት ሞተ? በጦር አይደለም። በሰይፍም አይደለም። በልቶ ነው የሞተው። አንጋቦ ጉልበተኛ ስለመሆኑ ማንም አያወራም፤ ብልህ ነበር ነው የሚባለው። ሥዕሉን አይታችሁ ይሆናል፤ የማክዳን ታሪክ በትናንሽ ሳጥኖች ተከፋፍሎ በቆዳና በሸራ ላይ የሚሳለውን። የመጀመሪያዎቹ ሳጥኖች የእባቡ ናቸው። መርዙ ይዘጋጃል፣ ፍየሏ ትበላዋለች፣ እባቡ ፍየሏን ይበላል።

ከዚያ ፍለጋ ጀመርኩ። በምግብ የሞተ ዘንዶ ሌላም ቦታ አለ ወይ? አለ።

ተረፈ ዳንኤልን ክፈቱ። ባቢሎን ውስጥ ሕዝቡ የሚያመልከው ዘንዶ ነበር። ዳንኤል «ያለ ሰይፍ ያለ ዱላ እገድለዋለሁ» አለ። ዝፍትና ስብና ፀጉር አንድ ላይ ቀቅሎ እንጎቻ አደረገው። ዘንዶው ዋጠው፤ ፈነዳ።

ፖላንድ፣ ክራኮቭ ከተማ፣ ቫቬል የሚባል ኮረብታ አለ። ከኮረብታው ሥር ዋሻ አለ። ዘንዶው እዚያ ነበር ይላሉ። አንድ ጫማ ሰፊ የበግ ሌጦ ውስጥ ድኝ ሞልቶ አስቀመጠለት። ዘንዶው በላ። ሆዱ ተቃጠለ። ከቪስዋ ወንዝ ሲጠጣ፣ ሲጠጣ ፈነዳ። ዛሬ ዋሻው በር ላይ እሳት የሚተፋ የብረት ሐውልት ቆሞለታል።

ጃፓን ሂዱ። ያማታ ኖ ኦሮቺ፤ 8 ራስና 8 ጅራት። እ.ኤ.አ. በ712 በተጻፈው የጃፓኖች ጥንታዊ መዝገብ ላይ አለ። የአንድ አባትና እናት 8 ሴቶች ልጆች ነበሩ። በየዓመቱ አንዷን በላ። አንዷ ስትቀር ሱሳኖኦ የሚባል አምላካቸው መጣ። 8 ጋን የሩዝ መጠጥ ጠምቀው እንዲያስቀምጡ አዘዘ። እያንዳንዱ ራስ አንዳንድ ጋን ውስጥ ገባ። ሰከረ፤ ተኛ። ያኔ በሰይፍ ከተፈው። ጅራቱ ውስጥም ሌላ ሰይፍ አገኘ።

አያችሁ? ባለ 8 ራሱና አርዌ በመልክ አይገናኙም። በራስ ቁጥር ብንሄድ ኦሮቺን ከሃይድራ ጋር ነበር የምናስቀምጠው። ግን ሃይድራ ግብር አትቀበልም። ኦሮቺ ይቀበላል። አርዌም ይቀበላል። ግብር የሚበላ ዘንዶ በሚበላው ይሞታል። ለኔ ዘመዳሞች እነዚህ ናቸው።

ዳንኤል ዘንድ ግን አንድ ልዩነት አለ። ያ ዘንዶ ሰው አልጨረሰም፤ ይመለክ ነበር። ዳንኤል የገደለው አምላክ አለመሆኑን ለማሳየት ነው። አንጋቦ የገደለው ሕዝቡ እንዲያርፍ፣ እሱም እንዲነግሥ ነው። አገዳደሉ አንድ ሆኖ ምክንያቱ ሌላ ነው።

ቦርከና ማዶ (ኮምቦልቻ)

ይሄን አላሰብኩትም ነበር። ጎበዝ!

ግን ልሟገትህ። በምግብ የማይሞቱትስ? የድሮ የኖርዌይና የአይስላንድ ሰዎች ያወሩለት የነበረ ዮርሙንጋንድር የሚባል እባብ አለ። ሎኪ፣ ኦዲንና ቶር የሚባሉት አማልክታቸው ናቸው። እባቡ የሎኪ ልጅ ነው። ኦዲን ባሕር ውስጥ ወረወረው። እዚያ አደገ፣ አደገና ምድርን ዙሪያዋን ከቦ የራሱን ጅራት ነከሰ። ቶር አንድ ጊዜ የበሬ ራስ መንጠቆ ላይ አድርጎ ሊያጠምደው ሞክሯል። እሱም ማጥመጃውን ጎርሷል! ግን አልሞተም፤ ገመዱ ተቆርጦ ወደ ባሕሩ ተመለሰ። በዓለም ፍጻሜ ቀን ቶር ይገድለዋል። ከዚያ 9 እርምጃ ይራመድና እሱም በመርዙ ይወድቃል።

የጥንት ግብፆች እባብ አፖፊስ ደግሞ ጭራሽ አይጨረስም። በየሌሊቱ የፀሐይን ጀልባ ሊውጥ ይመጣል። በየሌሊቱ ይሸነፋል። ማግስቱን ይመለሳል። ካህናቱ የሰም ምስሉን ሠርተው እየተፉበት ያቃጥሉት ነበር። ግብር አይፈልግም፣ ወርቅ አይፈልግም። ፀሐይ እንዳትወጣ ነው የሚፈልገው።

ባንተው ጥያቄ ስሄድ እነዚህ ዓለም ራሱ ላይ የተጠመጠሙ ናቸው። የእነዚያው የሰሜን ሰዎች ፋፍኒር ወርቅ ላይ የተጠመጠመ ነው። እሱ ከመጀመሪያው እባብ አልነበረም። ለወርቅ ብሎ አባቱን ገደለ፤ በወርቁ ላይ ተኝቶ ዘንዶ ሆነ። ጀግናው ሲጉርድ ጉድጓድ ቆፍሮ ከሥሩ ሆኖ ወጋው።

ውሃ ላይ የተጠመጠመው የሕንዱ ቭሪትራ ነው። ውኃውን ሁሉ ይዞ ተኛበት። ምድር ደረቀች። አምላካቸው ኢንድራ በመብረቁ ሲመታው ወንዞቹ ተለቀቁ። ይሄንን ሳነብ እኔ ስለ ሕንድ አላሰብኩም። የሰባ ሰባቱን ድርቅ አባቴ እንዴት እንደሚያወራው ነው ያሰብኩት። ዝናብን የሚይዝ ነገር ምን ያህል እንደሚያስፈራ ለወሎ ሰው ማስረዳት አያስፈልግም።

የቻይናው ሎንግ በመልኩ ከእነዚህ ጋር ይመሳሰላል፤ ረጅም፣ ቅርፊታም። ሥራው ግን ተቃራኒው ነው። ዝናብ ይሰጣል። ሰው ይለምነዋል እንጂ አይወጋውም። ባለ 5 ጥፍሩ የንጉሠ ነገሥቱ ምልክት ነበር። እና እሺ፣ ሐሳብህን ተቀብያለሁ። መልክ ብቻውን አይበቃም።

ሐይቅ ዳር (ሐይቅ)

ሁላችሁም ስለሚገደለው ነው የምታወሩት። የማይገደለውስ?

አቡነ አረጋዊን ያነሣ ሰው ነበር። ደብረ ዳሞ ዙሪያውን ገደል ነው፤ ዛሬም በገመድ ነው የሚወጣው። ዘንዶው ጅራቱን አወረደላቸው። መልአኩ ሰይፍ ይዞ ዘንዶውን ይጠብቀው ነበር፤ ጻድቁን እንዳይጎዳ። ጥቅምት 14 በዓላቸው ሲውል ሥዕላቸውን እዩ። ዘንዶው የተወጋ አይደለም። አካሉ መሰላል ነው።

ሌላው የምወደው ከግብፅ ነው። 4000 ዓመት ገደማ ያስቆጠረ፣ በፓፒረስ ላይ የተጻፈ ታሪክ ነው። አንድ መርከበኛ መርከቡ ሰምጣ ማዕበል አንዲት ደሴት ላይ ይጥለዋል። እዚያ 30 ክንድ የሚረዝም እባብ ይመጣል። አካሉ በወርቅ የተለበጠ፣ ቅንድቡ ሰማያዊ ዕንቁ። መርከበኛው መሬት ላይ ተደፋ። እባቡ ግን በአፉ ይዞ ወደ ቤቱ ወሰደው፤ ምንም አላደረሰበትም። «አትፍራ» አለው። ከዚያ የራሱን ኀዘን ነገረው። ከልጆቹና ከወንድሞቹ ጋር 75 ነበሩ። ኮከብ ከሰማይ ወደቀና ሁሉንም አቃጠላቸው። እሱ ብቻ ቀረ። መርከበኛውን «ታገሥ፣ ልጆችህን ታቅፋለህ» ብሎ አጽናናው።

መርከበኛው ሽቶና ዕጣን ላምጣልህ ሲለው እባቡ ሳቀ። «እኔ የፑንት ጌታ ነኝ፤ ዕጣኑ የኔ ነው» አለው። ፑንትን ብዙ ሊቃውንት በእኛ በኩል፣ በቀይ ባሕር ደቡብ ዳርቻ ነው የሚፈልጉት። እና ከአርዌ በፊት የእኛ አካባቢ እባብ በጽሑፍ የታወቀው በደግነቱ ነው። ይህን ለልጁ ንገረው።

ደግሞ የቀስተ ደመናው ነገር። ድሮ ዳሆሜ፣ ዛሬ ቤኒን በምትባለው የምዕራብ አፍሪካ አገርና በአውስትራሊያ ነባር ሕዝቦች ዘንድ ቀስተ ደመና እባብ ነው። እኛ ዘንድ የማርያም መቀነት ነው። ሰማይ ላይ የተጠመጠመ ያው ነገር፣ አንዱ እባብ አየው፣ አንዱ መቀነት።

ወሎዬዋ (ደሴ፣ ሆጤ)

ወላሂ የፑንቱ አስለቀሰኝ።

የኔታ፣ አንድ ልጠይቅዎት። እኛ ሰፈር የቅዱስ ጊዮርጊስ ሥዕል ያለበት ቤት ብዙ ነው፤ ጎረቤቶቻችን ናቸው። የእሱ ዘንዶና አርዌ አንድ ናቸው የሚል ሰው አለ። አንድ ናቸው?

ሰዋስው (ደሴ)

አይደሉም ልጄ። ጥሩ ጠየቅሽ።

የሚመሳሰሉበት አለ። ሁለቱም ግብር ይበላሉ። ሁለቱም ጋ ልትበላ የቀረበች ሴት ልጅ አለች፤ የጊዮርጊሷ በእኛ ዘንድ ብሩታዊት ትባላለች፤ የቤሩት ማለት ነው። በምዕራባውያን ገድል ግን ታሪኩ ሊቢያ ውስጥ ነው የሚሆነው። መጀመሪያ በየቀኑ 2 በግ ይሰጡት ነበር፤ በጉ ሲያልቅ በዕጣ ልጆች።

ልዩነቱን ስሚኝ። የጊዮርጊስ ዘንዶ ከከተማው ውጭ ነው የሚኖረው። ከተማው ንጉሥ አለው፤ የንጉሡም ልጅ ዕጣ ይደርሳታል። ዘንዶው ከደጅ ያለ ጠላት ነው። አርዌ ግን ራሱ ንጉሡ ነው። ከደጅ አልመጣም። አገሩ ውስጥ፣ ዙፋኑ ላይ ነው ያለው። አንዳንድ የነገሥታት ዝርዝር ከእሱ ነው የሚጀምረው፤ «አርዌ 400 ዓመት ነገሠ» ብሎ።

ገዳዮቹም ይለያያሉ። ጊዮርጊስ ዋጋ አልጠየቀም፤ እንዲያምኑ ብቻ ነው የፈለገው፤ መንገዱን ቀጠለ። አንጋቦ አስቀድሞ ተዋዋለ። መንግሥቱን ወሰደ። አንዱ የሰማዕት ታሪክ ነው፤ አንዱ መንግሥት እንዴት እንደተጀመረ የሚናገር ታሪክ ነው።

ሰኞ ገበያ (ደሴ)

እኔ አንባቢ ብቻ ነበርኩ፤ አሁን ግን ዝም ማለት አልቻልኩም። ስለ ሴት ልጅ ካነሣችሁ ሁለት ነገር አለኝ።

አንደኛው የትግርኛው አተራረክ ነው። እዚያ ልጅቷ እትዬ አዜብ ትባላለች። ዘንዶው እንዲበላት ዛፍ ላይ አስረዋታል። ሰባት ቅዱሳን ከዛፉ ጥላ ሥር ሊያርፉ መጡ። እንባዋ ላያቸው ላይ ጠብ አለ። ቀና ብለው አዩዋት። ዘንዶውን ገደሉት። ግን የዘንዶው ደም እግሯ ላይ ወደቀና እግሯ የአህያ ኮቴ ሆነ። እሷ ነገሠች። ወደ ሰሎሞን የሄደችው እግሯ እንዲድንላት ነው፤ ቤቱ ስትገባም ዳነላት። አስተውሉ፤ እዚህ አተራረክ ላይ ልትበላ የነበረችው ራሷ ናት ንግሥት የምትሆነው።

ሁለተኛው የግሪኮቹ አንድሮሜዳ ናት። አባቷ ኬፌዎስ የ«ኢትዮጵያ» ንጉሥ ነው ይላሉ። እርግጥ ለእነሱ ኢትዮጵያ ማለት ከግብፅ በታች ያለው የጥቁር ሰው አገር ሁሉ ነበር። እናቷ በውበት ስለተኩራራች የባሕር አውሬ ተላከባቸው፤ ኬቶስ ይባላል። ልጅቷን ባሕር ዳር አለት ላይ አሰሯት። ፐርሴዎስ የሚባል ጀግና አዳናት። ይህ አውሬ የባሕር ስለሆነ ከዘንዶ ይልቅ ወደ ሌዋታን ይጠጋል። ግን ብቻውን አይመጣም፤ ተልኮ ነው የሚመጣው። ቅጣት ነው። አርዌን ማንም አልላከውም።

ሁሉም ዛሬ ሰማይ ላይ አሉ። አንድሮሜዳ፣ እናቷ ካሲዮፔያ፣ አባቷ፣ ፐርሴዎስ፣ ኬቶስም ጭምር። ክረምቱ ወጥቶ ሰማዩ ሲጠራ ጦሳ ላይ ቆሞ ማየት ይቻላል።

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ወገኖቼ፣ አላህ ይስጣችሁ፣ እግዜር ይስጣችሁ። ትናንት ማታ ሁሉንም ከስልኬ ላይ ለእማዬና ለልጁ አነበብኩላቸው። ሁለት ሰዓት ፈጀብን።

ልጁ ደብተሩን ይዞ እየሳለ ነበር የሚሰማው። ከእያንዳንዱ ሥር ምን ላይ እንደተጠመጠመ ጻፈ። ፋፍኒር፣ ወርቅ። ቭሪትራ፣ ውሃ። ዮርሙንጋንድር፣ ዓለም። አፖፊስ ሥር «ማታ» ብሎ ጻፈ፤ እኔ «ፀሐይ» በል ብዬው ነበር፤ እንቢ አለ። ሎንግን ከዝናብ ጋር ሳለው፤ አልተጠመጠመም፣ ይበራል። የደብረ ዳሞው ሥር «መሰላል» አለ። ለፑንቱ እባብ 75 ትናንሽ እባቦች ሊስል ጀምሮ 30 ላይ ደከመው።

አርዌን መጨረሻ ላይ ሳለው። ክንፍ የለውም። አልጋ ላይ ተቀምጧል፤ ራሱ ላይ ዘውድ አለ። ከፊቱ ፍየሏ ቆማለች። እማዬ አየችውና «ፍየሏን አሳምረህ ሳላት፤ ሥራውን የሠራችው እሷ ናት» አለችው። አጥፍቶ እንደገና ሳላት።

የሃይድራን ራሶች ቆጥሮ ጨርሶ አንዱን ድንጋይ ሥር ቀበረው። ከዚያ «ይሄኛው አሁንም አለ ማለት ነው?» አለኝ። በተረቱ መሠረት አለ አልኩት። ድንጋዩን በእርሳስ ደጋግሞ አጠቆረው።

ዛሬ ማታ መብራት ቢኖርም ይጠፋል፤ ልጆቹ ራሳቸው ሊያጠፉት ተስማምተዋል። እማዬ የኮቴዋን ንግሥት ልትነግራቸው ነው። ሰኞ ገበያ፣ አንድ ነገር ብቻ አስረግጪልኝ ብላሃለች ወይም ብላሻለች፤ ኮቴ የሆነው አንደኛው እግሯ ነው ሁለቱም?

ሰኞ ገበያ (ደሴ)

እህት ነኝ። አንደኛው ነው። ደሙ የወደቀበት ብቻ። ለእማማ ሰላምታዬን አድርስልኝ።